ክቡር ጠያቂ እና ትከሻቸው

ጠይቆ መልሱን የማይጠብቅ ሰው የሌለበት ቤተሰብ ካለ ይነገረኝ፤ ልጄን እድርላቸዋለሁ። አጎት ይሆናል፣ ጎረቤት ይሆናል፣ የሥራ ባልደረባ ይሆናል፤ ብቻ አይጠፋም። «ለመሆኑ ልጆችህ እንዴት ናቸው?» ይልሃል። አፍህን ሳትከፍት «አድገዋል አሉ፤ ልጅ መቼም ካደገ በኋላ ነው ጣጣው» ብሎ ራሱ ይመልስና ወደሚቀጥለው ጥያቄ ያልፋል። እንዲህ ያለው ሰው አብዛኛውን ጊዜ ወዳጅ እያጣ ያረጃል። የእኛው ግን ዕድል ቀንቷቸው ቴሌቪዥን ጣቢያ ገቡና ለዚሁ አመላቸው ደመወዝ ተቆረጠላቸው።

የእኛው የምላቸው ክቡር ጠያቂን ነው። የሕዝብ ጉዳይ የሚባል ነገር ሁሉ፣ ውኃውም፣ መንገዱም፣ የዳቦው ዋጋም፣ እሑድ ከምሳ በኋላ እሳቸው ፊት ቀርቦ ይመረመራል። «ክቡር» የተባሉት ሹመት ኖሯቸው አይደለም። እንግዳውን በሙሉ፣ ሚኒስትርም ይሁን ቧንቧ ጠጋኝ፣ «ክቡርነትዎ» እያሉ ስለሚጠሩ ማዕረጉ ዞሮ ዞሮ እሳቸው ላይ ተለጥፎ ቀረ። ሌላም ቃል አለቻቸው። እንግዳው ወደ ቁም ነገሩ ሊገባ ገና አንድ እግሩን ሲያነሳ እጃቸውን ዘርግተው «እንመለስበታለን» ይላሉ። በሃያ አምስት ዓመት ሥራቸው አንድም ቀን ተመልሰውበት አያውቁም።

እኔ ደግሞ ትከሻ ነኝ። ከመቼ ወዲህ ትከሻ ይጽፋል እንዳትሉኝ፤ የእኔን ያህል ዘመን ዝም ያለ ሰው አንድ ቀን መጻፉ አይቀርም።

ነገሩ እንዲህ ነው። ድሮ ጣቢያችን ለቃለ መጠይቅ የነበረው ካሜራ አንድ ለእናቱ ነበር። አንድ ካሜራ የእንግዳውን ፊት እያየ የጠያቂውን ፊት ማየት አይችልም። ስለዚህ መጀመሪያ እንግዳው ብቻ ይቀረጻሉ። እንግዳው ተመስግነው፣ ማይካቸው ተፈትቶ፣ መኪናቸው ውስጥ ገብተው ከሄዱ በኋላ ካሜራው ይዞርና ክቡር ጠያቂ እነዚያኑ ጥያቄዎች አንድ በአንድ እንደገና ይጠይቃሉ። በየመሃሉም የሚያዳምጡ ይመስል ራሳቸውን ይነቀንቃሉ። ተቆርጦ ሲገጣጠም ተመልካቹ ሁለቱ ፊት ለፊት የተፋጠጡ ይመስለዋል። ክቡር ጠያቂ ግን ገና በመጀመሪያው ቀን «ሰው ለሌለበት ወንበር አልጠይቅም፤ አበድኩ እንዴ?» ብለው እምቢ አሉ። እኔ የስቱዲዮው ዕቃ ጠባቂ ነበርኩ፤ ወንበሩን የማመጣው እኔ፣ ጠረጴዛውን የምወለውለው እኔ። «አንተ፣ እስቲ እዚያ ተቀመጥ» አሉኝ። ተቀመጥኩ። በዚያው ሃያ አራት ዓመት አለፈኝ።

እዚያ ወንበር ላይ ያልሆንኩት ነገር የለም። የባንክ ገዥ ሆኛለሁ፣ የእሳት አደጋ አዛዥ ሆኛለሁ፣ አንዴም ሻርፕ ትከሻዬ ላይ ጣል ተደርጎልኝ የሴቶች ማኅበር ሊቀ መንበር ሆኛለሁ። ሥራው ዝም ማለት ነው። ዝም አይነቅዝም ይባል የለ? እኔም ሳልነቅዝ ኖርኩ።

መጀመሪያ ላይ ጭንቅላቴም ከኋላ ይታይ ነበር። አንድ እሑድ እንግዳችን የጤና ኃላፊው ነበሩ፤ መላጣቸው የሚያበራ። የእኔ ጸጉር ያኔ ጫካ ነው። ይህን ማናችንም ልብ አላልንም። ፕሮግራሙ ሲተላለፍ ኃላፊው ከፊት መላጣ፣ ከኋላ ጎፈሬ ሆነው ታዩ። በማግስቱ የጣቢያው ስልክ አላረፈም። ተቆጥቶ የደወለ እንኳ አልነበረም፤ ሁሉም «ምን ተቀብተው ነው?» ነው የሚለው። ክቡር ጠያቂ ሳምንቱን ሙሉ ሲቆጡ ሰነበቱና «ከእንግዲህ ዝቅ ብለህ ተቀመጥ፤ ትከሻህ ብቻ ይታይ» አሉኝ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ስሜ ትከሻ ሆነ። የደመወዝ ከፋዩ ሳይቀር ትከሻ እያለ ነው የሚጠራኝ።

ሌላ ጊዜ ደግሞ የክቡርነታቸው መነቅነቅ አነሰና ኤዲተሩ ከባለፈው ወር ፕሮግራም አንድ መነቅነቅ አምጥቶ ሰካበት። የመብራት ኃላፊው አንድ ዓረፍተ ነገር ጀምረው እስኪጨርሱ የጠያቂያችን ክራባት ከቀይ ወደ ሰማያዊ፣ ከሰማያዊ ወደ ቀይ ተመላለሰ። ባለቤቴ ቤት ሆና ስታይ «እኚህ ሰውዬ ሲያስቡ ቀለማቸው ይለወጣል ልበል?» አለችኝ።

ክቡርነታቸው ይህን ሁሉ ስቀው ያልፋሉ። የማያልፉት የምላሳቸውን ነገር ነው። «ከአያያዝ ይቀደዳል፣ ከአነጋገር ይፈረዳል» ይላሉ መሀረባቸውን እያጣጠፉ። «በዚህ ሁሉ ዓመት አንድ ጥያቄ ተሳስቼ አላውቅም። ምላሴ የተሰናከለች ቀን ከዚህ ሕንፃ እወርዳለሁ።» እውነታቸውን ነው። ወረቀት ይዘው ይገባሉ እንጂ አያዩትም። አንድ ቀን ጠረጴዛው ላይ ረስተውት ብመለከተው የልብስ ንጽሕና ቤት ደረሰኝ ነው። ሁለት ኮት፣ አንድ ሱሪ ይላል። በዚያች ደረሰኝ የገንዘብ ሚኒስትሩን አርባ ደቂቃ ላብ በላብ አድርገዋቸዋል።

ከስቱዲዮ ውጭም አያርፉም። ሐኪም «የቱ ጋ ነው የሚያምዎት?» ሲላቸው «ጥያቄውን በሌላ መልኩ ላንሳው» ይላሉ። ትራፊክ ፖሊስ አስቁሟቸው መንጃ ፈቃድ ሲጠይቃቸው «ክቡርነትዎ፣ ይህን ሕግ ሲያስከብሩ የኅብረተሰቡ ትብብር ምን ይመስላል?» አሉት። ፖሊሱ ቆቡን አስተካክሎ፣ ጉሮሮውን ጠርጎ መመለስ ጀመረ። ሊጨርስ ሲል «እንመለስበታለን» ብለው መኪናቸውን አስነስተው ሄዱ።

ልጃቸውን ሊያገባ የመጣውን ወጣትማ ምኑን ልንገራችሁ! ሳሎን አስቀምጠው ስለ ትምህርቱ፣ ስለ ጤንነቱ፣ ስለ አገሪቱ የቤት እጥረት ሲጠይቁት ቆዩ። ልጁ በመጨረሻ ድፍረት አግኝቶ «እኔ ልጅዎን ከልቤ...» ሲል ሰዓታቸውን አዩና «ክቡርነትዎ፣ ጊዜያችን አልቋል፤ ስለመጡልን እናመሰግናለን» ብለው ሸኙት። ደረጃው ድረስ ሮጠው የመለሱት እናትየዋ ናቸው። አሁን የሦስት ልጆች አባት ነው፤ ያችን ዓረፍተ ነገር ግን እስከ ዛሬ አልጨረሳትም።

እኔንስ? በየሳምንቱ ዓይን ዓይኔን እያዩ ስለ ፍሳሽ፣ ስለ ስንዴ፣ ስለ ትራንስፖርት ይጠይቁኛል። ስለ እኔ ጠይቀውኝ ግን አያውቁም። አንዴ እግሬ ተሰብሮ በጀሶና በክራንች ስገባ ከላይ እስከ ታች አዩኝና «ትከሻህ ደህና ነው?» አሉኝ።

ባለፈው ዓመት ሦስት አዳዲስ ካሜራዎች መጡ። ከእነሱ ጋር አዲስ ኃላፊ መጣች፤ ልጄን የምታህል፣ ትሑት፣ እንደ መርፌ የፈጠነች። ቢሮዋ ጠርታ ወንበር ሰጠችኝ። ወንበር ሲሰጠኝ ከልማዴ ዝቅ አልኩ።

«አባቴ፣ ቅር እንዳይልዎት» አለችኝ። «ከእንግዲህ ጠያቂውም እንግዳውም በአንድ ጊዜ ነው የሚቀረጹት። የሚደገም ጥያቄ የለም። የሚደገም ከሌለ ደግሞ...»

«የሚቀመጥ የለም» አልኳት።

«ዕቃውንም ሌላ ድርጅት ሊይዘው ነው። እስከ ወሩ መጨረሻ ግን ይቆዩ። ምናልባት ጠያቂው ከተሳሳቱ ያስፈልጉናል።»

ሁለታችንም ሳቅን። ክቡር ጠያቂ ሊሳሳቱ!

ሳቄ ደረጃው ላይ አለቀ። ሃያ አምስት ዓመቴ ሊሞላ አሥራ አንድ ወር ነው የቀረኝ። በጣቢያችን ደንብ ሃያ አምስት ከሞላኝ ጡረታዬ ሙሉ ነው፤ ሳይሞላ ከወጣሁ ግን ባዶ እጄን አጨብጭቤ ነው ቤቴ የምገባው። ባለቤቴ ስነግራት ልብስ እያጠፈች ነበር። አላለቀሰችም፤ አንዷን ሸሚዝ ግን አራት ጊዜ ፈትታ አራት ጊዜ አጠፈቻት። «ለሰውየው ንገራቸው» አለችኝ።

በማግስቱ ነገርኳቸው። አዳመጡኝ ለማለት ይከብደኛል፤ መሀረባቸውን ነበር የሚያዩት። «ጋሼ፣ እስከ ወሩ መጨረሻ ነኝ አሉኝ። ለጡረታዬ አሥራ አንድ ወር ሲቀረኝ እንዲህ...» ስል እጃቸውን ዘረጉ።

«እንመለስበታለን።»

እንዴት እንደበገንኩ! ሃያ አራት ዓመት እፊታቸው የተጎለትኩላቸው ሰውዬ፣ አንዲት ቀን ስለ ራሴ ላውራ ብል እንደ ቧንቧ ኃላፊ አቋረጡኝ።

በዚያው ሳምንት እንግዳችን የመንገድ ኃላፊው ነበሩ። ሦስቱም ካሜራ በርቷል። የመጀመሪያው ጥያቄ እንደ ውኃ ፈሰሰ፤ ሁለተኛውም። ሦስተኛው ላይ ክቡር ጠያቂ «ክቡርነትዎ፣ በአሁኑ ሰዓት የዶሮ መኖ አቅርቦቱ...» ብለው ቆሙ። የዶሮ እርባታ ባለሙያዋ የቀረቡት ባለፈው ሳምንት ነበር። የመንገድ ኃላፊው ግን ዓይናቸውን እንኳ ሳይሰብሩ «በዚህ ረገድ ከባለድርሻ አካላት ጋር ተቀናጅተን እየሠራን ነው፤ ጥናቱም በመጠናቀቅ ላይ ይገኛል» ብለው መለሱ። መልሱ ለማንኛውም ጥያቄ ስለሚሆን እንዳለ ተያዘ፤ ጥያቄው ብቻ እንግዳው ከሄዱ በኋላ ይደገም ተባለ። «ትከሻ! ና ተቀመጥ!» ተቀመጥኩ። ክቡርነታቸው ዓይኔን እያዩ ስለ አስፋልቱ ያለ አንዲት እንቅፋት ጠየቁኝ።

ከዚያ ወዲህ በየሳምንቱ አንድ ስህተት የግድ ሆነ፤ ሁልጊዜ አንድ ብቻ፣ ሁልጊዜ ሦስተኛው ጥያቄ ላይ። ጺማሙን የባንክ ሰው «ክብርት እመቤት» አሏቸው። አንዴ ጥያቄያቸውን መሃል ላይ ትተው አንገታቸውን ቀና አድርገው ኮርኒሱን ሲያዩ ቆዩ፤ እንግዳውም ምን አለ ብለው አብረው አዩ። ኃላፊዋ ጸሐፊዋን በእኔ ቦታ አስቀምጣ ብትሞክር ዘጠኝ ጊዜ ተደነቃቀፉ። «ዓይኔ ይህን ትከሻ አለመደውም» አሉ። እኔ ስቀመጥ በአንድ ጊዜ አለቀ። የወሩ መጨረሻ መጣ፣ አለፈ፤ የመሰናበቻ ደብዳቤዬ ኃላፊዋ መሳቢያ ውስጥ እንደተኛ ቀረ።

ሻይ ቤታችን መቼም ወሬ አይጠላም። «ዛሬስ ማንን ምን ጠየቁ?» የዕለቱ ሰላምታ ሆነ። ከሁሉ የባስኩት ደግሞ፣ ልዋሽ አልችልም፣ እኔ ነበርኩ። ኮርኒሱን ሲያዩ የነበረውን አስመስዬ ሳሳይ ሰው ሻዩ ትን ይለው ነበር። «ምላሳቸው ጡረታ ወጥታለች፤ ለእሳቸው ገና ደብዳቤው አልደረሳቸውም» አልኩ አንድ ቀን። ሳቅ ስጠብቅ ሁሉም ሻዩን ማማሰል ያዘ። ዞር ብል ክቡር ጠያቂ በሩ ላይ ቆመዋል። ሻያቸውን ተቀብለው ሄዱ።

ቀኑም እየጠፋባቸው ነው ብዬ ነበር። ከየቀረጻው በኋላ «ትከሻ፣ ወሩ ስንት ገባ?» ይሉኛል። እነግራቸዋለሁ። ከንፈራቸውን እያንቀሳቀሱ የሆነ ነገር ያሰላሉና መሀረባቸውን ኪሳቸው ከተው ይሄዳሉ። አይ እርጅና፣ እል ነበር።

በስድስተኛው ወር ኃላፊዋ ማስጠንቀቂያ ጻፈችባቸው። ስህተቱ በዚሁ ከቀጠለ በዓመቱ መጨረሻ ኮንትራታቸው አይታደስም፤ ፕሮግራሙም ለሌላ ሰው ይሰጣል። ደብዳቤውን ይዘው ኮሪደሩ ላይ ሲመጡ አገኘኋቸው። የምር አንጀቴን በሉኝ። «ጋሼ፣ አሁንስ ዕረፍት አይሻልዎትም?» አልኳቸው። «ስምዎ ሳይጎድፍ፣ በክብር ቢወጡ...» ቀና ብለው አዩኝ። ወንበሩ ላይ ሆኜ እንደሚያዩኝ አልነበረም። የሆነ ነገር ሊሉ አፋቸውን ከፈቱ፤ ከዚያ «እንመለስበታለን» ብለው ደረጃውን ወረዱ። በሚቀጥለው ቀረጻም ሦስተኛው ጥያቄ ላይ ተሳሳቱ።

አሥራ አንዱ ወር እንዲህ እያለ አለቀና ሃያ አምስት ዓመቴ ሞላ። ኬክ ተቆረሰ፤ ኃላፊዋ የግድግዳ ሰዓት ሰጠችኝ፤ ክቡር ጠያቂም ንግግር ያድርጉ ተባሉ። ተነሱ። «ትከሻን ሃያ አምስት ዓመት ጠይቄዋለሁ» አሉ። «አንድም ቀን ዋሽቶኝ አያውቅም። እንዲህ የምለው ሌላ እንግዳ የለኝም።» ብለው ቁጭ አሉ። ሰው ሁሉ ሳቀ። እኔም ሳቅሁ።

በመጀመሪያው የጡረታ እሑዴ ከምሳ በኋላ ከባለቤቴ ጋር ቴሌቪዥን ከፈትን። አንደኛው ጥያቄ፣ ሁለተኛው... ሦስተኛው ሲመጣ ሁለታችንም ትንፋሻችንን ያዝን። አለፉት። እስከ መጨረሻው አንዲት ቃል አልተሰናከለችባቸውም።

«መድኃኒት ጀምረው ይሆናል» አልኩ።

በሚቀጥለው እሑድም እንደዚያው። በሦስተኛው እሑድ ባለቤቴ የምታጥፈውን ሸሚዝ ጉልበቷ ላይ አስቀምጣ ወደ እኔ ዞረች።

«መሳሳት የጀመሩት መቼ ነው?»

«ካሜራዎቹ የመጡ ጊዜ ነዋ።»

«አንተ ስለ ጡረታህ የነገርካቸውስ?»

«እሱም... በዚያው ሳምንት።»

«ያቆሙትስ መቼ ነው?»

ሦስት ጥያቄ ብቻ ጠየቀችኝ፤ ከእያንዳንዱ በኋላም ዝም ብላ መልሱን ጠበቀች። ሃያ አምስት ዓመት ያን ወንበር ሳሞቅ እንዲህ ያለ ጠያቂ ገጥሞኝ አያውቅም። ሦስተኛው ሲመጣ ግድግዳው ላይ የሰቀልኩትን የጡረታ ሰዓቴን ቀና ብዬ አየሁ።

«ሻይ ቤት ተሰብስባችሁ፣ አስመስላችሁ የሳቃችሁባቸው...» ብላ ጀመረችና ፊቴን ስታይ «አይ አንተ!» ብላ ተወችኝ።

አፈርኩ። እንዲህ አፍሬ አላውቅም። ሰውየው በዚህ ዓለም የሚኮሩባት ነገር አንዲት ምላሳቸው ናት። እሷን አሥራ አንድ ወር ሙሉ በአደባባይ አዋረዷት። እንጀራቸው ላይ የመጣባቸውን ደብዳቤ ኪሳቸው ከተው፣ በየሳምንቱ አንዴ፣ ከዚያ ሳይበልጥ ከዚያም ሳያንስ፣ ለእኔ ሲሉ ተሳሳቱ። እኔ ደግሞ በዚያው ሳቅ ስሸምት ከረምኩ፤ ይባስ ብዬም ጡረታ ይውጡ ብዬ መከርኳቸው።

ስልኩን አንስቼ ደወልኩ።

«ጋሼ፣ ትከሻ ነኝ።»

«አለህ እንዴ? ትከሻህ ደህና ነው?»

«ደህና ነው። ጋሼ፣ አንድ ጥያቄ ነበረኝ።» በሕይወቴ መልስ ፈልጌ ጠይቄያቸው አላውቅም። «የዶሮ መኖው፣ እመቤቷ፣ ኮርኒሱ፣ ያ ሁሉ... ሆን ብለው ነው?»

ከወዲያ በኩል ድምፅ ጠፋ። እኚህ ሰው ዝም ሲሉ ሰምቼ ስለማላውቅ መጀመሪያ ስልኩ የተቋረጠ መሰለኝ። እንደ ምንም «እግዜር ይስጥልኝ ጋሼ፣ እኔ እኮ በእርስዎ...» ማለት ስጀምር፣ ባላያቸውም እጃቸውን ሲዘረጉ ታወቀኝ።

«ክቡርነትዎ» አሉኝ። ወንበሩ ላይ አይደለሁ፣ የማንም ምትክ አይደለሁ፤ እኔን ነው። «ጥያቄው ጥሩ ነው። እንመለስበታለን።»

ስልኩን ዘጉት።

ሰውየውን አውቃቸዋለሁ፤ አይመለሱበትም። ስለዚህ ይኸው በዚህ ጽሑፍ እኔ ተመለስኩበት።